ቁጥሩ የማያውቀው ብርድ

«ያገሩን ሠርዶ ባገሩ በሬ» ይላል የአማርኛ ተረት። ሠርዶ ሥሩን አጥልቆ መሬቱን የሚይዝ፣ ገበሬን የሚያስመርር አረም ነው፤ የሚነቅለውም ያንኑ መሬት የለመደ በሬ እንጂ ከሌላ ቀዬ የመጣ እንግዳ በሬ አይደለም። በአዲስ አበባ፣ በአስመራ፣ በናይሮቢና በሌሎችም የምሥራቅ አፍሪካ ደጋማ ከተሞች ግቢውን በአትክልት ለማስዋብ የሚነሣ ሰው ግን ይህን ምክር ከረሳው ቆይቷል። ችግኙን የሚመርጠው በሥዕሉ ነው። ጠንቃቃ የሆነ እንደሆነ ደግሞ በዘር ፓኬቱ ጀርባ ወይም በችግኙ ላይ በተንጠለጠለችው ወረቀት የታተመውን የብርድ መቋቋሚያ ቁጥር ያያል። የአውሮፓን በረዶ ይችላል የተባለ ተክል የደጋን ብርድ አያቅተውም ብሎ ያስባል፤ ገንዘቡንም ይከፍላል።

ተክሉ ብዙውን ጊዜ በብርድ አይሞትም። ዓመት ሁለት ዓመት ቆሞ፣ ውኃ እየጠጣ፣ አበባ ሳያሳይ፣ እየመነመነ ይጠፋል። ባለቤቱም አትክልተኛውን ይወቅሳል፤ አትክልተኛው አፈሩን ይወቅሳል፤ ሻጩም ሌላ ችግኝ ያቀርባል። ጥፋቱ ግን የሦስቱም ሳይሆን የሚዛኑ ነው። ለሌላ አገር ክረምት የተሠራ መለኪያ ክረምቱ ዝናብ፣ ብርዱም የበጋ ሌሊት በሆነበት አገር ላይ ተጭኗል።

ሚዛኑ ከየት መጣ?

የአሜሪካ የግብርና መሥሪያ ቤት የመጀመሪያውን የዕፅዋት ብርድ መቋቋሚያ ካርታ ያወጣው እ.ኤ.አ. በ1960 ነው። ካርታው በ1990፣ በ2012 እና በ2023 ተሻሽሏል። አሁን አገሩን በ13 ቀጠናዎች ይከፍላል፤ በአንዱና በሚቀጥለው ቀጠና መካከል ያለው ልዩነት 10 ዲግሪ ፋራናይት፣ ማለትም 5.6 ዲግሪ ሴልሺየስ ያህል ነው። የሚለካው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ በየዓመቱ እጅግ የቀዘቀዘችው ሌሊት የደረሰችበት ዲግሪ በ30 ዓመት አማካይ ሲሰላ ስንት ይሆናል? ለምሳሌ ቀጠና 7 የሚባለው ይህ አማካይ ከዜሮ በታች ከ17.8 እስከ 12.2 ዲግሪ የሚሆንበት ስፍራ ነው። የብሪታንያ ንጉሣዊ የአትክልት ማኅበርም ተመሳሳይ ሐሳብ ያለው፣ በሰባት ደረጃ የተከፈለ የራሱ ሚዛን አለው።

ለተሠራበት አገር ይህ ሚዛን የተከበረና ጠቃሚ ነው። በዋሽንግተን ዲሲ አካባቢ የሚኖር ሐበሻ ጌሾውን ወይም እንሰቱን ውጭ ትቶት ቢከርም ምን እንደሚደርስበት ቁጥሩ አስቀድሞ ይነግረዋል፤ ተክሉን በማሰሮ ተክሎ ብርዱ ሳይጠና ወደ ቤት እንዲያስገባ ያስጠነቅቀዋል። በዚያ አገር ተክልን የሚገድለው የክረምቱ ጥልቅ ብርድ ስለሆነ፣ የብርዱን ጥልቀት መለካት ትክክለኛ ጥያቄ ነው። በምሥራቅ አፍሪካ ደጋ ላይ ግን ያው ጥያቄ ከተክሉ ሕይወት ዋና ዋናውን ትቶ ትንሹን ይጠይቃል።

የማያሚና የአዲስ አበባ ጉርብትና

ሚዛኑ ምን ያህል እንደሚያሳስት ለማየት አንድ ንጽጽር ይበቃል። በፍሎሪዳ ያለችው ማያሚ በዚህ ካርታ ላይ በቀጠና 10 እና 11 መካከል ትገኛለች። አዲስ አበባም በዓመቷ እጅግ ቀዝቃዛ ሌሊት ብትመዘን ከዚያው አካባቢ የሚወድቅ ቁጥር ነው የሚደርሳት። ስለዚህ በወረቀቱ መሠረት ሁለቱ ከተሞች ጎረቤታሞች ናቸው። ማያሚ ግን የኮኮናትና የማንጎ አገር ናት። አዲስ አበባ ኮኮናት የተከለ ሰው ጥላውን አያይም፤ ማንጎ የተከለም ዛፉ ቢጸድቅለት እንኳ ፍሬውን ከቆላ በመጣ ማንጎ ነው የሚበላው።

ምክንያቱ ግልጽ ነው። ማያሚ በዓመት ጥቂት ቀዝቃዛ ሌሊቶች ታይና ከዚያ በኋላ ወራት ሙሉ ቀንም ሌሊትም ትሞቃለች። 2,300 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ የተቀመጠችው አዲስ አበባ ግን በጣም አትበርድም፣ በጣምም አትሞቅም፤ ሌሊቶቿ ዓመቱን ሁሉ ቀዝቀዝ ያሉ ናቸው። ማንጎን የሚያስቸግረው የአንዲት ሌሊት ብርድ ሳይሆን ፍሬ ለማብሰል የሚያስፈልገው ሙቀት መጥፋቱ ነው። ቁጥሩ ስለ ሙቀት የሚናገረው አንዳችም ነገር የለም።

የማያንቀላፋ ተክል

ሁለተኛው ጉድለት ከዚህ ይብሳል። በአውሮፓና በሰሜን አሜሪካ ተክል ለብርድ የሚዘጋጀው በቀኑ ማጠር ነው። ለንደን ውስጥ ረጅሙ የበጋ ቀን ከ16 ሰዓት ይበልጣል፤ አጭሩ የክረምት ቀን 8 ሰዓት አይሞላም። ቀኑ እያጠረ ሲሄድ ተክሉ እድገቱን ያቆማል፣ ቅጠሉን ያራግፋል፣ ቅርፊቱን ያጠነክራል፣ ያንቀላፋልም። ወረቀቱ ላይ የተጻፈው ቁጥር ይህ ያንቀላፋ ተክል የሚችለው ብርድ ነው።

በአዲስ አበባ ግን በረጅሙና በአጭሩ ቀን መካከል ያለው ልዩነት አንድ ሰዓት ገደማ ብቻ ነው። በናይሮቢማ ልዩነቱ የደቂቃዎች ነው። ተክሉን «ብርድ መጣ፣ ተዘጋጅ» የሚለው ምልክት የለም። የኅዳር፣ የታኅሣሥና የጥር ሌሊት ሰማይ ደመና ስለማይኖረው መሬት ቀን የሰበሰበችው ሙቀት ወደ ላይ ያመልጣል፤ ንጋት ላይ አመዳይ ይወርዳል። ፀሐይ ወጥታ ረፋድ ሲሆን ያው ስፍራ ሸሚዝ ብቻ ያስለብሳል። እንዲህ ያለው ብርድ የሚያገኘው ነቅቶ ያለ፣ ለጋ ቅጠል ያወጣ ተክል ነው። በእንቅልፉ ጊዜ ከዜሮ በታች 10 ዲግሪ የሚችል ቁጥቋጦ፣ ነቅቶ ሳለ በአንዲት የአመዳይ ሌሊት ለጋው ሁሉ ጠቁሮ ያድራል። የደጋው የራሱ ዕፅዋት ለዚህ ዕለታዊ ብርድ የተፈጠሩ ናቸው። በኬንያ ተራራ ላይ ያሉት ግዙፍ ሎቤሊያዎች በየሌሊቱ ቅጠላቸውን በቡቃያቸው ዙሪያ ሰብስበው፣ በየማለዳው ይከፍቱታል።

የዚህ ተቃራኒ የሆነ ችግርም አለ። ጥልቅ ብርድ ካላገኙ የማያብቡ ተክሎች ብዙ ናቸው። የቱሊፕ ሽንኩርት መሰል ራስ ከ12 እስከ 16 ሳምንት ያህል ያለማቋረጥ ብርድ ውስጥ መቆየት አለበት። ሌሊቱ ቀዝቅዞ ቀኑ ከ20 ዲግሪ በላይ በሚሞቅበት ደጋ ይህን አያገኝም። ቁጥሩ ቱሊፕ ብርድን እንደሚችል ይናገራል፤ ብርድን እንደሚፈልግ ግን አይናገርም። ፖም የሚተክሉ የጋሞ ደጋ ገበሬዎች ይህን በሥራ ያውቁታል። በጨንቻ የፖም ልማት ሚሲዮናውያን ባመጧቸው ችግኞች ከተጀመረ ወዲህ፣ ለሐሩራማ ደጋ የሚመከሩት ጥቂት ብርድ የሚበቃቸው ዝርያዎች ናቸው። ከእነዚህም «አና» የምትባለው በእስራኤል የተዳቀለች፣ «ዶርሴት ጎልደን» የምትባለው ደግሞ በባሃማስ የተገኘች ናት። ሁለቱም የመጡት ክረምታቸው ለስላሳ ከሆነ አገሮች ነው። ለጨንቻ ገበሬ ትክክለኛው ጥያቄ «ተክሉ ስንት ዲግሪ ይችላል?» ሳይሆን «ለማበብ ስንት ብርድ ይፈልጋል?» የሚለው ነው።

ሦስተኛው ጉድለት ውኃ ነው። የአውሮፓ አትክልት ቦታ በበጋውም ዝናብ ያገኛል። በኢትዮጵያ ደጋ ግን ክረምቱ ሰኔ ገብቶ መስከረም ላይ ያበቃል፤ ከጥቅምት በኋላ ወራት ሙሉ ሰማዩ ይደርቃል፤ አመዳዩም የሚመጣው በዚሁ በደረቁ ጊዜ ነው። የአውሮፓ ሣርና የአውሮፓ ቁጥቋጦ በዚህ ጊዜ አረንጓዴ ሆኖ እንዲቆይ ቧንቧ መከፈት አለበት። የመጠጥ ውኃ በፈረቃ በሚታደልበት ከተማ፣ በአንዱ ግቢ ሣር ሲጠጣ በጎረቤቱ ግቢ ጀሪካን ይሰለፋል። ነገሩ ከግል ምርጫነት አልፎ የኅብረተሰብ ጉዳይ የሚሆነው እዚህ ላይ ነው።

ስሙ ራሱ ቀጠና ነው

የሚያስገርመው የተሻለው ሚዛን ከጥንት ጀምሮ በአማርኛ ተናጋሪው አፍ ላይ መኖሩ ነው። በረሃ፣ ቆላ፣ ወይና ደጋ፣ ደጋ፣ ውርጭ። በተለምዶ ቆላ ከ500 እስከ 1,500 ሜትር፣ ወይና ደጋ ከ1,500 እስከ 2,300 ሜትር ገደማ፣ ደጋ ከዚያ በላይ እስከ 3,200 ሜትር ገደማ፣ ውርጭ ደግሞ ከዚህ በላይ ነው ተብሎ ይነገራል። ወይና ደጋ በስሙ ውስጥ ወይንን ይጠራል፤ ውርጭም የሚባለው ስፍራ የሚታወቀው በውርጩ ነው። ሕዝቡ አገሩን የከፈለው በሚበቅለውና በሚያጠወልገው ነገር ነው። እያንዳንዱ ስም ሙቀቱን፣ ሌሊቱን፣ ዝናቡንና ሰብሉን አንድ ላይ ይዟል፤ አንዲት ሌሊትን ብቻ ነጥሎ አይቆጥርም።

ይህ የባላገር ወሬ እንጂ ሳይንስ አይደለም የሚል ካለ፣ የአዘነ በቀለን መጽሐፍ ያንብብ። እ.ኤ.አ. በ1993 ታትሞ በ2007 ተሻሽሎ የወጣው ይህ ስለ ኢትዮጵያ ጠቃሚ ዛፎችና ቁጥቋጦዎች የሚናገር መጽሐፍ፣ አገሩን በከፍታና በዝናብ አጣምሮ በ17 የአግሮ ክላይሜት ቀጠናዎች ይከፍላል። ደረቅ ወይና ደጋ፣ እርጥብ ደጋ እያለ ለእያንዳንዱ ዛፍ ተስማሚ ስፍራውን ይለያል። የሕዝቡ ስሞች በሳይንሱ ውስጥ ቦታቸውን ይዘዋል። እ.ኤ.አ. ከ1980 እስከ 2009 ድረስ በተሠራው በስምንት ቅጽ የኢትዮጵያና የኤርትራ ፍሎራም፣ ስድስት ሺህ ገደማ የሚሆኑ ዝርያዎች ከሚበቅሉበት ከፍታ ጋር ተመዝግበዋል። ዕውቀቱ አለ። የጎደለው ከመጽሐፍ መደርደሪያ ወደ ችግኝ ጣቢያው በር የሚያደርሰው ነው።

የባሕር ዛፍ ታሪክም ይህንኑ ይመሰክራል። በዐፄ ምኒልክ ዘመን በአሥራ ዘጠነኛው ምዕተ ዓመት ማብቂያ ላይ የገባው ይህ የአውስትራሊያ ዛፍ አዲስ አበባን ያለበሳት ከታዝማኒያና ከደቡብ ምሥራቅ አውስትራሊያ ቀዝቃዛ ነገር ግን ጥልቅ በረዶ የሌለበት አየር ስለመጣ ነው። ገበሬውም ካታሎግ ሳያይ ሁለቱን ዓይነት ለይቷቸዋል፤ ነጩን ባሕር ዛፍ ለደጋው፣ ቀዩን ዝቅ ላለውና ለሞቃቱ ስፍራ አድርጓል። ባሕር ዛፍ በአፈርና በውኃ ላይ ስለሚያደርሰው ጉዳት የሚባለው እንዳለ ሆኖ፣ እንግዳን ተክል በአገር ሚዛን መመዘን እንደሚቻል አሳይቷል። የናይሮቢ አርቦሬተም እ.ኤ.አ. በ1907 የተቋቋመው ለባቡር ማገዶ የሚሆኑ የውጭ ዛፎች የትኞቹ እንደሚስማሙ ለመፈተን ነበር። በ1934 ደግሞ ጄክስ ብሌክ ያዘጋጀው «የምሥራቅ አፍሪካ አትክልት አያያዝ» የተባለ መጽሐፍ በእንግሊዝኛ ታትሟል። የእንግሊዝን አትክልት ቦታ ይዘው የመጡት ሰፋሪዎች እንኳ የእንግሊዝ መጽሐፍ እንደማይበቃቸው ተረድተው ነበር። ዛሬ በዚያው ደጋ ላይ የሚኖር ሰው ይህን አለመረዳቱ ያስተዛዝባል።

የተሰደደው ውበት

«የአገር ተክል ጫካ ያስመስላል፣ ግቢ አያሳምርም» የሚለው ሰበብ ሲመረመር ከሁሉ የደከመው ነው። ያው አልወደድነውም የተባለው ተክል ባሕር ተሻግሮ በአውሮፓ ገበያ በውድ ይሸጣል። እንሰት በእንግሊዝና በአሜሪካ ለጌጥ ይተከላል፤ በክረምት በጭድና በጨርቅ ተጠቅልሎ እንደ ሕፃን ይጠበቃል። አበልቢላ ወይም አሸንዳ የሚባለው እንደ ችቦ የቆመ አበባ ወገኖች በአውሮፓ የታወቁ የግቢ ጌጦች ናቸው። በአቢሲኒያ ስም የሚጠራ፣ ነጭ ሆኖ ልቡ ወይን ጠጅ የሆነ መዓዛማ ግላዲዮለስ በየጸደዩ ለአውሮፓ አትክልት ወዳዶች ይቀርባል። የአገሬው እናቶች እጅና እግራቸውን ያስዋቡበት እንሶስላም በትልልቅ ነጭ አበባው ምክንያት በውጭ አገር ፈላጊ አግኝቷል። አዲስ አበባ ላይ ግን እንሶስላን በችግኝ ጣቢያ የሚጠይቅ ሰው ሻጩን ያስቃል።

ስምም ያታልላል። በላቲን ስሙ «ኤቲዮፒካ» የሚባለው ነጩ የካላ አበባ ከኢትዮጵያ የመጣ የሚመስለው ብዙ ነው፤ አገሩ ግን ደቡባዊ አፍሪካ ነው። የጥንት አውሮፓውያን ሊቃውንት ከግብፅ በስተ ደቡብ ያለውን አፍሪካ በዚያ ስም ይጠሩ ስለነበር ነው። በስሙ የአገር የሚመስለው እንግዳ ሲሆን፣ የእውነቱ የአገር ተወላጅ ቀጋ፣ ነጭ አበባው የሚያውድ፣ ፍሬው የሚበላ፣ በኢትዮጵያ፣ በኤርትራና ከቀይ ባሕር ማዶ በየመን ደጋ የሚበቅለው የዱር ጽጌረዳ፣ አጥር ሲታደስ እየተመነገለ ይጣላል።

ለደጋ ግቢ የሚሆነው ጥቂት አይደለም። ሰፊ ቦታ ላለው ኮሶ፣ የአበሻ ጥድ፣ ወይራና ዝግባ አሉ። ለአጥር ቀጋና ኮሽም ይበቃሉ። ቢጫ አበባ ለሚፈልግ አምጃ አለ። ጠባብ ግቢ ላለው አበልቢላ፣ እሬት፣ እንሶስላ፣ ዳማከሴና ጤና አዳም ይበቃሉ። ሣር የሚደርቅበት ድንጋያማ ተዳፋት ላይ የደጋው ጦስኝ መሬቱን ሸፍኖ ያውዳል። እነዚህ የበጋውን ድርቀትና የንጋቱን አመዳይ የሚያውቁ ናቸው።

ይህን ሁሉ የሚል ክርክር የውጭን ተክል ሁሉ ይነቀል ማለቱ አይደለም። ጃካራንዳ ከደቡብ አሜሪካ መጥቶ የናይሮቢንና የአዲስ አበባን መንገዶች አስውቧል። ጽጌረዳም በደጋ ላይ ስለማያንቀላፋ ዓመቱን ሙሉ ያብባል፤ የሆለታና የናይቫሻ የአበባ እርሻዎች የቆሙት በዚሁ በቀዝቃዛው ሌሊትና በብሩሁ ቀን ላይ ነው። እንግዳው በተገቢው ጥያቄ ከተፈተነ ይግባ። የሚነቀፈው ሳይጠየቅ የሚገባው ነው።

ምን ይጠየቅ?

አንድ ችግኝ ሲሸጥ አራት ነገሮች ሊታወቁ ይገባል፦ ከፍታው ከስንት እስከ ስንት ሜትር እንደሆነ፣ በበጋ ያለ ውኃ ስንት ሳምንት እንደሚቆይ፣ ለማበብ ብርድ ወይም ሙቀት መፈለጉ፣ ነቅቶ ሳለ አመዳይ መቻሉ። እነዚህን በአንዲት ትንሽ ወረቀት ላይ በአማርኛ፣ በትግርኛ፣ በኦሮምኛ ወይም በስዋሂሊ መጻፍ ከአንድ ችግኝ ዋጋ አይበልጥም። በእንጦጦ ተዳፋት ላይ ያለው የጉለሌ የዕፅዋት ማዕከልና መሰሎቹ ተቋማት ለእያንዳንዱ ቀጠና ዝርዝር አውጥተው ለችግኝ ጣቢያዎች ቢሰጡ፣ ሥራው በአብዛኛው ያለውን ዕውቀት መገልበጥ ነው። ይህ ኃላፊነት በከተማ አስተዳደሮች ላይ ይከብዳል። ከ2024 እ.ኤ.አ. ወዲህ በአዲስ አበባ የተስፋፋው የኮሪደር ልማት የመንገድ ዳር አትክልትን የከተማው ሁሉ ጉዳይ አድርጎታል። በግል ግቢ የደረቀ ችግኝ የአንድ ቤተሰብ ኪሳራ ነው፤ በጎዳና ዳር የደረቀው ግን በሕዝብ ገንዘብ ተገዝቶ በሕዝብ ውኃ የጠጣ ነው።

የግቢ ባለቤትም ድርሻ አለው። አንዲት አዲስ አበባ ብቻ ከአቃቂ እስከ እንጦጦ ጫፍ 1,000 ሜትር ገደማ የከፍታ ልዩነት አላት፤ ይህም በአማካይ የ6 ዲግሪ ልዩነት ነው። ሆኖም ጥርት ባለ የበጋ ሌሊት ከባዱ ቀዝቃዛ አየር እንደ ውኃ ወደ ረባዳው ስለሚወርድ፣ ከተዳፋቱ ይልቅ ሸለቆው በአመዳይ ሊመታ ይችላል። ስለዚህ ግቢው ከፍታው ላይ ነው ወይስ ረባዳ ላይ ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል። ችግኝ ሰኔ ላይ ቢተከል ሥሩ ኅዳር ሳይገባ ይይዛል። ጥቅምት ላይ መግረዝና ማዳበሪያ ማብዛት ለአመዳይ ለጋ ማዘጋጀት ነው። አመዳይ የያዘው ቅጠል በድንገተኛ የማለዳ ፀሐይ ይበልጥ ስለሚጎዳ፣ ለጋው ተክል የምሥራቅ ፀሐይ ቶሎ ከማያገኘው ጎን ቢሆን ይሻላል። በሚያሰጋ ሌሊት አንድ ጆንያ ጣል ማድረግ ይበቃል። ይህን ሁሉ የደጋ ገበሬ ያውቃል፤ የሚጠይቀው ከተሜ ግን የለም።

ካርታውም ቢሆን ቋሚ አይደለም። በ2023 የወጣው የአሜሪካ ካርታ ከ2012ቱ ጋር ሲተያይ ከአገሩ ግማሽ ያህሉ ወደ ሞቃቱ ግማሽ ቀጠና ተሸጋግሯል። ባለቤቶቹ ሚዛናቸውን እያደሱ ነው፤ ምክንያቱም የገዛ ምድራቸውን በየዓመቱ ይለካሉ። ከእነርሱ ሊወሰድ የሚገባው ቁጥሩ ሳይሆን ይህ የመለካት ትጋት ነው። የምሥራቅ አፍሪካ ደጋ የራሱ የቀጠና ስሞች፣ የራሱ መጻሕፍትና የራሱ ዕፅዋት አሉት። መጪው ሰኔ ገብቶ ችግኝ ሻጮች በየመንገዱ ሲደረደሩ፣ ገዢው ሥዕሉን ከማየቱ በፊት «ይህ የደጋ ነው ወይስ የወይና ደጋ?» ብሎ ይጠይቅ። ሻጩ መልስ ካጣ፣ ገንዘቡን ኪሱ ውስጥ ይመልስና መልሱን ወደሚያውቀው ይሂድ።